ባሕረ ሐሳብ በካምፓላ ይነገር

ጊዜን በአስማት ወደ ኋላ የሚመልሱ፥ የነገን ቀን ዛሬ አምጥተው የሚመረምሩ፥ ያለፈውንም ዘመን ከተኛበት የሚቀሰቅሱ ጠቢባን የሚወጡበት አንድ ምናባዊ ትምህርት ቤት፥ ስሙና አገሩ እየተለዋወጠ፥ በዘመናችን የልጆች መጻሕፍትና ፊልሞች ውስጥ ዘወትር ሲመላለስ ይታያል። በ1999 እ.ኤ.አ. በታተመው በሦስተኛው የሃሪ ፖተር መጽሐፍ፥ አንዲት ትጉህ ተማሪ በአንገቷ ባንጠለጠለችው ትንሽ የአሸዋ ሰዓት ኀይል ያለፈውን ሰዓት መልሳ እየኖረች፥ በአንድ ጊዜ የሚሰጡትን ልዩ ልዩ ትምህርቶች ሁሉ ስትከታተል እናነባለን፤ በካምፓላ ከተማ፥ በካባላጋላና በካንሳንጋ ሠፈሮች የሚያድጉት የኢትዮጵያውያን ልጆችም፥ የሚማሩት በእንግሊዝኛ ስለ ሆነ፥ ይህንና ይህን የመሰለውን ታሪክ ከአማርኛ ፊደል አስቀድመው ያውቁታል። ማንበባቸውን የምነቅፍ ሰው አይደለሁም። የሚያሳዝነኝ፥ ጊዜ ራሱን የቻለ ትምህርት ሆኖ የሚጠናበት ቤት በሌላ አገር ደራሲ አሳብ ብቻ የተፈጠረ እየመሰላቸው፥ አባቶቻቸው መምህሩን፥ መጽሐፉንና ደቀ መዝሙሩን አሟልተው በእውነት የመሠረቱት፥ ባሕረ ሐሳብ የተባለው የዘመንና የበዓላት ቍጥር የሚጠናበት የአቡሻክር ጉባኤ ቤት መኖሩን እንኳ ሳይሰሙ ማደጋቸው ነው። ይህን የምጽፈውም ያ ጉባኤ በካምፓላ ይዘረጋ ዘንድ ለወላጆች፥ ለካህናትና ለማኅበረሰቡ መሪዎች ለማመልከት ነው።

ካምፓላ ለዚህ ነገር የማትመች ባዕድ ከተማ ትመስል ይሆናል፤ እኔ ግን ኢትዮጵያውያን ከሚሰደዱባቸው ከተሞች ከብዙዎቹ ይልቅ የተመቸች ናት እላለሁ። ወደ ሎንዶን ወይም ወደ ዋሽንግተን የሄደ ሰው የሰዓት አቈጣጠሩን ከሥሩ መለወጥ ግድ ሲሆንበት፥ ካምፓላ የደረሰው ግን በናካሴሮ ገበያ አትክልት የምትሸጠውን ሴት ስንት ሰዓት እንደ ሆነ ቢጠይቃት፥ በሉጋንዳ የምትመልስለት ቍጥር አዲስ አበባ ላይ የሚነገረው ቍጥር ራሱ ነው፤ ባጋንዳ ሰዓትን የሚቈጥሩት እንደኛው ከንጋት ተነሥተው ነውና፥ ጠዋት አንድ ሰዓት ያልነው ለእነርሱም አንድ ሰዓት ነው። በባንክና በመሥሪያ ቤት በእንግሊዝኛ የሚነገረው ሰዓት ሌላ፥ በቤትና በገበያ የሚነገረው ሌላ በመሆኑም፥ ሁለት ሰዓት በአንድ ራስ ይዞ የመኖር ልማዳችን እዚህ የጐረቤትም ልማድ ነው።

በሕግ የተወሰነው ሰዓትም ለሁለቱ ከተሞች አንድ ነው፤ ሁለቱም ከግሪንዊች ሦስት ሰዓት ይቀድማሉ። ፀሐይ ግን ለሕግ አትገዛም። አዲስ አበባ በምሥራቅ በኩል 38 ዲግሪ ከሦስት ሩብ ገደማ፥ ካምፓላ ደግሞ 32 ዲግሪ ተኩል ገደማ ላይ ስለሚገኙ፥ ልዩነታቸው ከስድስት ዲግሪ እምብዛም አይበልጥም፤ ፀሐይ አንዱን ዲግሪ ለመሻገር አራት ደቂቃ ይፈጅባታልና፥ በአዲስ አበባ ሰማይ መካከል የደረሰችው ፀሐይ በካምፓላ ሰማይ መካከል ለመድረስ ሃያ አራት ደቂቃ ያህል ይቀራታል። አባቶቻችን አንዱን ዕለት፥ ሌሊቱን ከመዓልቱ ጋር፥ በ60 ኬክሮስ፥ ኬክሮሱን በ60 ካልዒት፥ ካልዒቱን በ60 ሣልሲት እየከፈሉ እስከ ሳድሲት ይወርዱ ነበር፤ በዛሬው አነጋገር አንዱ ኬክሮስ 24 ደቂቃ ነው። እንግዲህ ካምፓላ በፀሐይ ጐዳና ከአዲስ አበባ የምትርቀው አንድ ኬክሮስ ያህል ነው። በአውሮፕላን ስንት ሰዓት፥ በአውቶቡስ ስንት ቀን እንደሚያስኬድ ብቻ ለሚያውቅ ልጅ፥ የእናቱን አገርና የሚኖርበትን አገር በአያቶቹ መስፈሪያ ለክቶ ማግኘት ትንሽ ነገር አይደለም።

አገር ቤት ሳለን ዘመኑን የሚነግረን ቍጥር ብቻ አልነበረም። የክረምቱ ደመና ሲገለጥ፥ ወንዙ ሲጐድል፥ አደይ አበባ ሜዳውን ሲያለብሰው፥ ማንበብ የማይችለው ገበሬ እንኳ ዓመቱ መለወጡን ያውቃል። ካምፓላ ግን ከምድር ወገብ አጠገብ ናት፤ መስመሩ በማሳካ መንገድ ላይ ካያብዌ ከተባለች ከተማ ዘንድ ያልፋል፤ ቀኑና ሌሊቱ ዓመቱን ሙሉ እኩል ለመሆን ጥቂት ይቀራቸዋል፤ ዝናቡም በዓመት ሁለት ጊዜ ይመጣልና፥ ዕንቍጣጣሽ የሚውለው ዝናቡ አባርቶ ምድር ስትስቅ ሳይሆን ሁለተኛው የዝናብ ወራት ሲገባ ነው። የምድር አበባም የሰማይ ጥራትም ምስክር በማይሆኑበት አገር መስከረምን ከነሐሴ የሚለይልን ቍጥር ብቻ ነው። ይህንም ቍጥር የምናገኘው ከአዲስ አበባ ታትሞ በሰው እጅ ከሚመጣው፥ በምግብ ቤቶቻችን ግድግዳ ላይ ከሚሰቀለው ካላንደር፥ ከዚያም ወዲህ ከስልካችን ነው። ካላንደሩ ላይ በቀይ የተጻፈውን እናከብራለን፤ ስለ ምን በዚያ ቀን እንደ ዋለ የሚጠይቅ ልጅ ቢገኝ ግን የሚመልስለት አዋቂ ማግኘት ይቸግራል።

ይህን ይመልስ የነበረው ባሕረ ሐሳብ ነው። ሊቃውንቱ የትምህርቱን መገኛ ለእስክንድርያው ዐሥራ ሁለተኛ ሊቀ ጳጳሳት ለቅዱስ ድሜጥሮስ ይሰጣሉ፤ እርሱም ከ189 ጀምሮ በሦስተኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ላይ የነበረ አባት ነው። ትውፊቱ እንደሚለው የወይን አትክልት ጠባቂ የነበረ፥ መጻሕፍትን ያልተማረ ሰው ነበረ፤ ለመንበሩ ከተመረጠ በኋላም ነነዌና ዐቢይ ጾም ከሰኞ፥ ደብረ ዘይት፥ ሆሣዕናና ትንሣኤ ከእሑድ፥ ስቅለት ከዓርብ፥ ርክበ ካህናት ከረቡዕ፥ ዕርገት ከሐሙስ እንዳይወጡ አጥብቆ ይመኝ ነበር። መልአክም ተገልጾ፥ ይህ በምኞት እንደማይገኝ፥ ይልቁንም ከሌሊቱ 23፥ ከቀኑ 7 ሱባኤ እንዲይዝ ነገረው ይላሉ። 23ቱ ሱባኤ በሰባት ሲባዛ 161 ይሆናል፤ በ30 ቢገድፉት፥ ማለት ሠላሳ ሠላሳውን ቢያወጡለት፥ 11 ይተርፋል፤ ይህ አበቅቴ ተባለ። ሰባቱ ሱባኤ በሰባት ሲባዛ 49 ይሆናል፤ በ30 ቢገድፉት 19 ይተርፋል፤ ይህም መጥቅዕ ተባለ። ሁለቱ ሲደመሩ 30 ይሞላሉ፤ የወር ልክ ማለት ነው።

የሥነ ፈለክ ሰው ይህን ሲሰማ ሌላ መንገድ ያመለክታል፤ የፀሐይ ዓመት 365 ዕለት፥ ዐሥራ ሁለት የጨረቃ ወራት ደግሞ 354 ዕለት በመሆናቸው፥ በመካከላቸው 11 ዕለት ይተርፋል፤ አበቅቴም ይኸው ነው ይላል። ጨረቃና ፀሐይ በ19 ዓመት አንድ ጊዜ ተገናኝተው ጕዟቸውን እንደ አዲስ የሚጀምሩ መሆናቸውንም የአቴናው ሜቶን ከክርስቶስ ልደት በፊት በአምስተኛው መቶ ዓመት ያውቀው ነበር። እኔ ሁለቱን ትምህርቶች ማጣላት አልሻም፤ የሱባኤው ትረካ ቍጥሩ በልብ እንዲቀመጥ የሚያደርግ ነው፤ ሰማዩን ለሚያይም ቍጥሩ እውነት ሆኖ ይገኛል። ከዚህም ጋር የሙስሊም ወንድሞቻችን ልጆች፥ ረመዳን ስለ ምን በየዓመቱ ዐሥራ አንድ ቀን ያህል ወደ ፊት እየቀደመ እንደሚመጣ በአሮጌው ካምፓላ ኮረብታ ላይ በቆመው ታላቅ መስጊድ ደጃፍ ቢጠይቁ፥ መልሱ ይኸው 11 ነው። ስለዚህ ትምህርቱን የአንድ ሃይማኖት ብቻ ሀብት አድርገው ለሚያዩት፥ የቀመሩ ሥር ለሁሉም የምታበራው ጨረቃ መሆኗን ማሳሰብ ይገባል።

አሠራሩን በምሳሌ ላሳይ፤ ምክንያቱም ይህ ነገር ሲነገርለት እንጂ ሲሠራ የማይታይ በመሆኑ ከሚገባው በላይ ተፈርቷል። የ2018 ዓ.ም. በዓላትን ለማግኘት አስቀድሞ 5500ውን ዓመተ ኵነኔ፥ ማለት ከክርስቶስ በፊት የሚቈጠረውን ዘመን፥ ጨምሮ 7518 ዓመተ ዓለም ማለት ነው። ይህን በ19 ሲገድፉት 13 ይተርፋል፤ ዓመቱ ገና አልተፈጸመምና አንዱን አትተው 12ቱን ወንበር ይሉታል። ወንበሩ በ11 ተባዝቶ 132፥ በ30 ተገድፎ 12 አበቅቴ፤ ወንበሩ በ19 ተባዝቶ 228፥ በ30 ተገድፎ 18 መጥቅዕ ይሆናል። መጥቅዕ ከ14 ሲበልጥ በዓለ መጥቅዕ በመስከረም፥ ሲያንስ በጥቅምት ይውላል፤ ራሱ 14 የሚሆንበት ዓመት የለም። ስለዚህ የ2018 በዓለ መጥቅዕ መስከረም 18 ነበረ፤ ዕለቱም እሑድ። እያንዳንዱ ዕለት ተውሳክ አለው፤ የቅዳሜ 8፥ የእሑድ 7፥ የሰኞ 6 እያለ እስከ ዓርብ 2 ይወርዳል። መጥቅዑ 18ና የእሑድ ተውሳክ 7 ሲደመሩ 25 ናቸው፤ ይህ መባጃ ሐመር ነው፤ በዓለ መጥቅዑ በመስከረም ስለ ዋለም ጾመ ነነዌ ጥር 25 ሰኞ ገባ ማለት ነው፤ በጥቅምት ቢውል ኖሮ ወሩ የካቲት ይሆን ነበር። ከዚያ ወዲያ ያለው ቀላል ነው፤ ከነነዌ እስከ ትንሣኤ 69 ዕለት ነውና፥ ሚያዝያ 4 ቀን 2018 ዓ.ም. ፋሲካ ሆነ። ከአምስት ጊዜ ማባዛትና መግደፍ የማያልፍ ሥራ ነው። የስድስተኛ ክፍል ተማሪ በጣቱ አንጓ እየቈጠረ ሊያደርገው ይችላል፤ መነጽር፥ መሣሪያ፥ መብራትም አይሻም፤ መብራት ለሚጠፋበት ከተማ ይህ ራሱ አንድ ብልጫ ነው።

ይህ እንግዲህ በሩ ላይ ያለው ትምህርት ነው። ወደ ውስጥ ለዘለቀ፥ ሰባቱ አዕዋዳት አሉ፤ ከእነርሱም ዐውደ ዕለት በ7 ቀን፥ ዐውደ ፀሐይ በ28 ዓመት፥ ዐውደ ማኅተም በ76 ዓመት ይዞራሉ፤ የሁሉም ፍጻሜ የሆነው ዐውደ ቀመር ደግሞ 19ኙ በ28 ሲባዛ የሚገኘው 532 ዓመት ነው፤ በዚያን ጊዜ ዕለቱ፥ ጨረቃውና ዓመቱ የሚጠራበት ወንጌላዊ ሁሉ ተገናኝተው በዓላት በቀድሞው ሥርዐት እንደ ገና ይመለሳሉ። ስለዚህ የቀመሩ ሰው የዛሬውን ዓመት ከ532 ዓመት በፊት ከነበረው ጋር አስተያይቶ ማንበብ ይችላል። የልብ ወለዱ ጠንቋይ የአንድ ቀን ሰዓት ለመመለስ የሚጨነቀውን፥ የኛ መምህር ከደጀ ሰላሙ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ አምስት መቶ ዓመት ወደ ኋላ፥ አምስት መቶ ዓመት ወደ ፊት በምላሱ ይመላለስበት ነበር።

ትምህርቱ በሰፊው የተጻፈበት መጽሐፍ በዐሥራ ሦስተኛው መቶ ዓመት በግብጽ ይኖር ከነበረው ከአቡ ሻኪር ስም ተጠርቶ አቡሻክር ይባላል፤ ከዐረብኛ ወደ ግዕዝ የመለሱት በዐሥራ ስድስተኛው መቶ ዓመት የደብረ ሊባኖስ ዕጨጌ የነበሩት፥ በየመን የተወለዱት አባ እንባቆም እንደ ሆኑ ይነገራል። የግብጽ ሰው ጻፈው፥ የየመን ተወላጅ ተረጐመው፥ ኢትዮጵያዊ መምህር አስተማረው፤ ከመነሻውም ስደተኛ የነበረ ትምህርት ነው። በዘመናችንም ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ባሕረ ሐሳብ የተባለውን ትልቅ የአማርኛ መጽሐፋቸውን ያሳተሙት በአሜሪካ በስደት ሳሉ ነው። ከፈረንጆቹም ወገን ኦቶ ኖይገባወር የተባለው የጥንት ሒሳብና ሥነ ፈለክ ታሪክ ሊቅ የግዕዝ ብራናዎችን መርምሮ በ1979 እ.ኤ.አ. ስለ ኢትዮጵያ ሥነ ፈለክና ስለ በዓላት ስሌት አንድ ሙሉ መጽሐፍ አውጥቷል። የሄኖክ መጽሐፍም፥ የፀሐይና የጨረቃ መውጫዎች የተዘረዘሩበት ክፍሉ ሳይቀር፥ ሙሉውን የተረፈው በግዕዝ ብቻ መሆኑን ዓለም ሁሉ ያውቃል፤ የማናውቀው እኛ ነን።

ስለ አስማቱ ዝም ብዬ ባልፍ አንባቢ ይታዘበኛል። አዎን፥ በአገራችን ጊዜን በአስማት የሚመረምር ሌላ ትምህርት ነበረ፤ አሁንም አለ። ዐውደ ነገሥት የሰውን ስምና የእናቱን ስም በፊደል ቍጥር ቀምሮ፥ በ12 ገድፎ፥ በተረፈው ኮከቡን፥ ዕድሉንና የሚሞትበትን ዘመን ሳይቀር እነግርሃለሁ ይላል። አሠራሩ ከባሕረ ሐሳብ ጋር ስለሚመሳሰል፥ ሁለቱም ስለሚደምሩና ስለሚገድፉ፥ ብዙ ሰው አንዱን ከሌላው መለየት ተስኖት፥ ቀማሪውን ሁሉ ደብተራ ጠንቋይ እያለ ሲሸሸው ኖሯል። ልዩነታቸው ግን የጨለማና የብርሃን ያህል ነው። ባሕረ ሐሳብ ሚያዝያ 4 ፋሲካ ነው ብሎ ሲናገር ቀኑ ደርሶ ይመሰክርለታል፤ የግብጹም፥ የግሪኩም፥ የሩሲያውም ቀማሪ በየቋንቋው ቈጥሮ እዚያው ይደርሳል። ዐውደ ነገሥት የተናገረውን ግን የሚመሰክርለት የከፈለው ሰው ፍርሃት ብቻ ነው። ጥፋቱም የሕዝቡ ብቻ አይደለም፤ ቀመሩን እንደ ምሥጢር ሸሽገው፥ ከድጓና ከቅኔ በኋላ ለጥቂቶች ብቻ እንዲደርስ ያደረጉት መምህራንም ድርሻ አላቸው። የተሸሸገ ትምህርት አስማት ይመስላል፤ አስማት የመሰለውንም አስማተኛ ይወርሰዋል።

የባሕረ ሐሳብ ትምህርት በካምፓላ ከሌላው ቦታ ይልቅ ያስፈልጋል የምልበት ምክንያት አለኝ። ዩጋንዳ ከአንድ ሚሊዮን ተኩል በላይ ስደተኞችን ያስጠጋች፥ በ2006 እ.ኤ.አ. በወጣው ሕግዋም ስደተኛ እንዲሠራና በነጻ እንዲንቀሳቀስ የፈቀደች አገር ናት፤ ይህን ቸርነቷን አለማመስገን ነውር ነው። ነገር ግን ከወገኖቻችን ብዙዎቹ እዚህ የሚኖሩት እዚህ ለመኖር አይደለም፤ ወደ ሦስተኛ አገር የሚያሻግራቸውን ፕሮሰስ ለመጠበቅ ነው። ፕሮሰስ እስኪያልቅ ትዳር ይቈያል፥ ሱቅ መክፈት ይቈያል፥ ልጅን አማርኛ ማስተማር ይቈያል። በዚህ መካከል ልጁ ቍመቱ ያድጋል። በቤተ ክርስቲያናችን መጻሕፍት ተረፈ ባሮክ በተባለው፥ አቤሜሌክ የተባለ ኢትዮጵያዊ በለስ ይዞ በዛፍ ጥላ ሥር ለጥቂት ጊዜ ያሸለበ መስሎት 66 ዓመት እንደ ተኛ፥ ሲነቃም ኢየሩሳሌም ተለውጣ፥ በለሱ ግን ገና ወተቱ ሳይደርቅ እንዳገኘው ተጽፏል። እግዚአብሔር ለአቤሜሌክ በለሱን ጠበቀለት፤ ለኛ በለሳችንን የሚጠብቅልን ማን ነው? ፕሮሰስ ሲጠብቅ ዐሥር ዓመት የተቀመጠ ሰው፥ ዓመቱ የማን ወንጌላዊ ዘመን እንደ ሆነ፥ ጾሙ መቼ እንደሚገባ በራሱ ራስ ቈጥሮ የሚያውቅ ከሆነ፥ ቢያንስ ዐሥሩ ዓመት በእርሱ ላይ ብቻ ሳይሆን በእጁም ውስጥ አልፏል። አለዚያ ግን፥ የመሻገሪያውን ቀን በስልክ ኮከብ ቈጣሪ እስከ መጠየቅ የሚደርስ አይታጣም፤ ይህን ያደረጉ ሰዎች ሲያወሩት በጆሮዬ ሰምቻለሁ።

ሌላም የምጨምረው አለ፤ እርሱም ከጐረቤት የሚገኝ እርዳታ ነው። በካምፓላ ናሙንጎና በተባለው ኮረብታ ላይ የቅዱስ ኒቆላዎስ ካቴድራል አለ፤ የዩጋንዳ ኦርቶዶክሳውያን መንበር ነው። ይህችን ቤተ ክርስቲያን የመሠረቱት ሚስዮናውያን አይደሉም፤ በ1929 እ.ኤ.አ. ሩበን ስፓርታስ ሙካሳ የተባለ ዩጋንዳዊ ከጓደኞቹ ጋር ከቅኝ ገዢው ቤተ ክርስቲያን ተለይቶ፥ የጥንቱን ሃይማኖት ፈልጎ፥ ብዙ ደክሞ፥ በ1946 እ.ኤ.አ. ከእስክንድርያ የግሪክ መንበር ተቀባይነትን ያገኘላት ናት። እነርሱ የግሪኮቹን፥ እኛ የቅብጦቹን እስክንድርያ ተከትለናል፤ በ451 እ.ኤ.አ. በኬልቄዶን የተለያዩት ሁለቱ ወገኖች በሃይማኖት ነገር እስከ ዛሬ አልታረቁም፤ በፋሲካ ቀን ግን ተለያይተው አያውቁም ለማለት ይቻላል። ሁለቱም አንዱን የጥንት ቀመር ይዘው ቀርተዋልና። በካምፓላ የሚገኙት ካቶሊካውያንና አንግሊካውያን በ1582 እ.ኤ.አ. የታረመውን የጎርጎርዮስን አቈጣጠር ሲከተሉ፥ ናሙንጎናና እኛ በአንድ ሌሊት ጧፍ እናበራለን። ወገኖቻችን በዚህች ከተማ ብዙ ዘመን ሲኖሩ፥ የናሙንጎናን ሰዎች ጠርቶ፥ እናንተ እንዴት ትቈጥራላችሁ፥ እኛ እንዲህ እንቈጥራለን ያለ የኢትዮጵያውያን ማኅበር መኖሩን አልሰማሁም። ከ1922 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ወጣቶችን የሚያስተምረው የማኬሬሬ ዩኒቨርሲቲም የሒሳብ ተማሪዎች አሉት፤ ከመካከላቸው ኢትዮጵያውያንም ይገኙባቸዋል፤ የቀመሩን ሒሳብ በጥቍር ሰሌዳ ላይ ጽፎ ለእኩዮቹ የሚያስረዳ አንድ ወጣት ቢነሣ የሚከለክለው የለም።

አስተማሪ ከየት ይመጣል የሚሉኝ ይኖራሉ። ለመጀመሪያው ደረጃ ሊቀ ሊቃውንት አያስፈልግም፤ ከላይ ያስቀመጥሁትን ምሳሌ የተረዳ ዲያቆን፥ ወይም ማባዛት የምታውቅ እናት ትበቃለች። ጠለቅ ላለው ግን ከአገር ቤት አንድ የአቡሻክር መምህር በዓመት ለጥቂት ሳምንት ማስመጣት፥ ለአንድ የሠርግ ድግስ ከምናወጣው ገንዘብ አይበልጥም። ልጆቹ ግዕዝ አያውቁም ለሚለው፥ ቍጥር ግዕዝ አይጠይቅም፤ ይልቁንም ወንበር፥ አበቅቴ፥ መጥቅዕ፥ ተውሳክ እያሉ ሲቈጥሩ ቃሉን ሳያስቡት ይለምዱታል። ስልኩ ያውቀው የለምን ለሚለው፥ ስልኩ ሒሳብም ያውቃል፤ ሒሳብ ግን ከትምህርት ቤት አልወጣም።

እንግዲህ የምጠይቀው ሩቅ ነገር አይደለም። በጥንቱ ሥርዐት መስከረም 1 ቀን፥ በርእሰ ዐውደ ዓመት፥ በቤተ ክርስቲያን ቆሞ የዓመቱን አበቅቴና መጥቅዕ፥ አጽዋማትና በዓላት የሚያውጅ ሊቅ ነበረ። በመጪው ዕንቍጣጣሽ በካምፓላ ይህን አዋጅ የሚያነብበው ካላንደር የያዘ ጐልማሳ ሳይሆን፥ ራሱ ቈጥሮ ያገኘው በካባላጋላ ያደገ ልጅ ይሁን፤ እስከዚያው ባለው ጊዜ የሰንበት ትምህርት ቤቱ፥ ማኅበራቱና ወላጆች በሳምንት አንዲት ሰዓት ይስጡት። ዓመቱ 2019 ለዚህ ሥራ የተመረጠ ይመስላል፤ በዚያ ዓመት የከተማዪቱ ሱቆችና መሥሪያ ቤቶች ለፋሲካ የሚዘጉት መጋቢት 19 ቀን ሲሆን፥ ያ እሑድ ለኛ ገና የዐቢይ ጾም አራተኛው ሰንበት መጻጉዕ ነውና፥ ልጆቻችን የትምህርት ቤት ጓደኞቻቸው ሲፈስኩ እነርሱ ስለ ምን እንደሚጾሙ መጠየቃቸው አይቀርም። መልሱን ከወዲሁ ይቍጠሩት፤ ዓመተ ዓለም 7519፥ ወንበር 13፥ አበቅቴ 23፥ መጥቅዕ 7፥ በዓለ መጥቅዕ ጥቅምት 7 ቅዳሜ፥ ተውሳኩ 8፥ መባጃ ሐመር 15፥ ነነዌ የካቲት 15፥ ፋሲካ ሚያዝያ 24።